የማታው ሁለት ነው፦ የአንድ ቴአትር የሥራ ማስታወሻ

መስከረም 2017፣ ጽሑፉ

የመጀመሪያው ረቂቅ 71 ገጽ ወጣው። ታሪኩ ብዙዎቻችን ቤት የገባ ነው። ፒያሳ፣ ከጊዮርጊስ ወረድ ብሎ ባለ የቀበሌ ቤት አንዲት እናት ታማ ተኝታለች። ሐኪሙ ልጆቿን ለብቻ ጠርቶ «ከእንግዲህ ቤት ወስዳችሁ አስታምሟት» ብሏቸዋል። ለእሷ ግን «ጨጓራ ነው» ተብሏል። ልጅቷ ሥራዋን ትታ ታስታምማለች። ታናሽ ወንድሟ ጸበል ካልወሰድናት ይላል። አጎታቸው ደግሞ «ማናችሁም ትንፍሽ እንዳትሉ» ብሎ ቤቱን አስሮ ይዟል።

አባቴን ያስታመምነው እንደዚሁ ነው። ስምንት ወር ሙሉ «ጨጓራ ነው፣ ይሻልሃል» አልነው። አንድ ቀን እንኳን መልሶ አልጠየቀንም። ያውቅ ነበር ወይስ አያውቅም? ይሄ ጥያቄ ስድስት ዓመት አብሮኝ ኖሯል። ቴአትሩን የጀመርኩት ለዚህ ነው።

የመጀመሪያውን ንባብ አራት ኪሎ፣ አንድ ወዳጄ ቢሮ ውስጥ አደረግን። ስድስት ተዋንያንና አንድ ፔርሙዝ ሻይ። ሁለት ሰዓት ከሩብ ፈጀ። ረጅም ነው። ከርዝመቱ የባሰው ግን ሁሉም ሰው ስለ ሞት ያወራል። «ካንሰር» የሚለውን ቃል ቆጠርኩት፣ 14 ጊዜ አለ። እንዲህ ባለ ቤት ማን በስሙ ይጠራዋል? «ያ በሽታ» ነው የሚባለው። «ክፉው» ነው የሚባለው። ነቀርሳ የሚለው የድሮ ስሙ እንኳን በሹክሹክታ ነው የሚነሳው። እስክሪብቶ አንስቼ 14ቱንም ሰረዝኩ። ሦስት ትዕይንት እዚያው ወደቀ። ቃሉ ሲወጣ ሰዎቹ የሚነጋገሩበት ነገር አልነበራቸውም።

ጥቅምት፣ ሲስተር

በየቤቱ እየዞረች ሕመም የምታስታግስ ነርስ አገኘሁ። ስሟን እንዳልጽፍ ስለለመነችኝ ሲስተር እያልኩ እቀጥላለሁ። ቸርችል ጎዳና ላይ፣ ከጥቁር አንበሳ ብዙም በማይርቅ ቡና ቤት ተገናኘን። ሰፈሩን የመረጠችው እሷ ናት። ጥቁር አንበሳ ለብዙ ዓመት በአገሪቱ ብቸኛው የጨረር ሕክምና የሚሰጥበት ቦታ ስለነበር፣ ከየክፍለ ሀገሩ ሕመምተኛ ይዘው የመጡ ቤተሰቦች እዚያ አካባቢ ተከራይተው ሲጠብቁ አይታለች። «አልጋ ተከራይተው አንዱ ይተኛል፣ ሌላው መሬት ላይ ነው» አለችኝ። ይህን መስመር ለአጎትየው ሰጠሁት። እሱም አንድ ጊዜ እንደዚያ ያስታመመ ሰው እንዲሆን።

ጽሑፉን ሁለት ቀን ይዛ አነበበችው። ከዚያ ደወለች።

«ስሚ፣ እዚህ ቤት ሥራ የሚሠራ የለም እንዴ? ሁሉም ቆሞ ያለቅሳል። በሽተኛ ያለበት ቤት እኮ ለማልቀስ ጊዜ የለውም።»

ማስታወሻዬን አውጥቼ ጻፍኩ። ራሷን ችላ የማትገላበጥን ሰው በየሁለት ሰዓቱ ማገላበጥ፣ አለዚያ ጀርባዋ ይቆስላል። የደረቀ አፍ በረጠበ የቁስል ጋዝ መጥረግ፣ ከንፈሯን ቫዝሊን መቀባት። አጥሚት በሻይ ማንኪያ፣ ሦስት ማንኪያ ከወሰደች እሰየው። አንሶላ መቀየር። ኃይለኛውን የሕመም ማስታገሻ፣ ሞርፊን ሽሮፑን በሰዓቱ መስጠት፣ ሕመሙ እስኪመጣ ሳይጠብቁ። ሞርፊን ሆድ ያደርቃልና የሆድ ማለስለሻውን አለመርሳት። «ቤተሰብ ሞርፊን ሲባል የመጨረሻው መጣ ብሎ ይደነግጣል» አለችኝ። «ጠርሙሱን ደብቀው ሲያስቃዩዋት ቆይተው ማታ ይደውሉልኛል። ክፋት አይደለም፣ ፍርሃት ነው።»

ስለ ሲስሊ ሳንደርስም አጫወተችኝ። በ1967 እ.ኤ.አ. ለንደን ላይ ሴንት ክሪስቶፈርስ ሆስፒስን፣ በሞት አፋፍ ያሉ ሰዎች የሚረዱበትን ቤት፣ የከፈተችው ሐኪም ናት። የሚሞት ሰው ሕመም የሥጋ ብቻ አይደለም፣ የአእምሮ፣ የኑሮና የመንፈስም ነው፣ እነዚህ አንድ ላይ ናቸው ትል ነበር። እኔ ይሄን ሰምቼ ዐበድኩ። አራት ሕመም፣ አራት ገጸ ባሕርይ! እናትየው ሥጋ፣ ልጅቷ አእምሮ፣ አጎት ኑሮ፣ ወንድም መንፈስ። አንድ ሳምንት ቁጭ ብዬ እንዲህ አድርጌ ጻፍኩት።

የማይረባ ነገር ሆነ። ሰዎቹ ሰው መሆናቸው ቀርቶ የትምህርት ቤት ሰሌዳ ሆኑ። ሴትየዋ አንድ ላይ ናቸው ነው ያለችው፣ እኔ ለአራት ሰው አካፈልኳቸው። የሳምንቱን ሥራ ጣልኩት።

ከሲስተር ወሬ የጠቀመን ሌላው ነው። በሰዓቱ የምትለው። ሽሮፑ በየአራት ሰዓቱ ነው። ጠዋት 12፣ 4 ሰዓት፣ ቀን 8፣ ምሽት 12፣ ማታ 4። ሌሊት 8 ሰዓት ላይ ከእንቅልፍ ላለመቀስቀስ፣ ሐኪሙ ካዘዘ የማታው እጥፍ ይሰጣል። ይህን ስትነግረኝ ቴአትሩ ሰዓት አገኘ። አንድ ቀን ብቻ፣ አምስት ትዕይንት፣ አምስት መድኃኒት። ስምንት ወሩን ሁሉ አንድ ቀን ውስጥ ከተትኩት። 71 ገጹ 38 ሆነ።

ኅዳር፣ አልጋው

ብዙ ገንዘብ የበላው፣ ብዙም ያስተማረን አልጋው ነው።

አዳራሹ ፒያሳ አካባቢ ያለ 160 መቀመጫ ያለው ነው። ተማሪ ሳለሁ ሕልሜ ብሔራዊ ቴአትር ነበር። በ1948 ዓ.ም. የተከፈተውን ያን ትልቅ መድረክ የማይመኝ የቴአትር ሰው አላውቅም። ግን ከአንድ ሺህ በላይ ሰው የሚይዝ አዳራሽ ውስጥ፣ ጋዝ ከንፈር ላይ ሲያርፍ ማን ያያል? የእኛ ሥራ ለትንሽ ቤት ነው።

መርካቶ ምናለሽ ተራ አንድ አሮጌ የብረት አልጋ በ6,500 ብር ገዛን። ባለ ሽቦ፣ ራስጌው ፍርግርግ፣ ልክ አያቴ ቤት እንደነበረው። አምጥተን መድረክ ላይ ስናስቀምጠው ሁለት ችግር ወጣ።

አንደኛ፣ ተመልካቹ የሚቀመጠው ከመድረኩ ዝቅ ብሎ ስለሆነ፣ የተኛ ሰው አይታይም። ከሦስተኛው ረድፍ ሆኜ ሳይ የእናታችን የአፍንጫ ጫፍ ብቻ ነው ያለው። አልጋውን አዞርነው፣ እግርጌው ወደ ተመልካች ሆነ። የራስጌውን እግር ደግሞ በቱቦላሬ አስቀጥለን 28 ሳንቲ ሜትር ከፍ አደረግነው። ለብየዳው 2,400 ብር ከፈልኩ። አሁን ፊታቸው ይታያል። ግን በየዐሥር ደቂቃው ወደ ታች ይንሸራተታሉ። እናትን የሚጫወቱት አንጋፋ ተዋናይ ናቸው፣ ዕድሜያቸው ከስልሳ በላይ ነው። ሁለት ልምምድ ሙሉ ምንም ሳይናገሩ በእግራቸው እየገፉ ራሳቸውን ሲይዙ ቆዩ። በኋላ ቁርጭምጭሚታቸው አብጦ አየሁት። እንዴት ሳላይ ቀረሁ? በጣም ነው ያፈርኩት። በማግስቱ ብርድ ልብሱ ሥር የማይታይ የእግር መርገጫ ጣውላ አስገባን፣ ከላዩ ስፖንጅ ለብሷል። ዋጋው ምንም ነው። ከመጀመሪያው ቀን መታሰብ ነበረበት።

ሁለተኛ፣ ሽቦው ይጮኻል። ትንፋሽ የሚሰማበት ትዕይንት ውስጥ እንደ በር ይንጫጫል። ዘይት ቀባነው፣ ባሰበት። ሽቦውን አውጥተን በ18 ሚሊ ሜትር ኮምፔንሳቶ ተካነው። የብረቱን መጋጠሚያ ደግሞ ጎሚስታ ቤት ከለመንነው የካላማዳሪ ቁራጭ ቀለበት እየቆረጥን ጠፈርነው። ጸጥ አለ። ከዚያ ደግሞ ጸጥታው ውሸት መሰለኝ። ልጅቷ ጠርዙ ላይ ስትቀመጥ አንድ ድምፅ መኖር አለበት። የግራ እግርጌውን ጎማ አወጣሁት። አሁን የምትጮኸው ያቺ ብቻ ናት።

ኅዳር መጨረሻ፣ ግድግዳው

ስድስት የመድረክ ግድግዳ ያስፈልገናል፣ እያንዳንዱ 2.40 በ1.20። በሞራሌ ፍሬም አሠርተን አቡጀዲ ወጠርን። እንደ ከበሮ እስኪጮኽ ሳብነው፣ ደስ ብሎን። በላዩ ኮላና ጄሶ ቀባን። ጠዋት ስንመጣ ሁለቱ ፍሬሞች ተጣመዋል፣ አንዱ ጥጉ ላይ ተቀዷል።

ከወዳጆቻችን አንዱ ጡረታ የወጡ የመድረክ ሠሪ ይዞልን መጣ። በ1927 ዓ.ም. ከተመሠረተው ሀገር ፍቅር ጀምሮ ያልሠሩበት መድረክ የለም። ቆመው አዩትና «ልጄ፣ አቡጀዲ ኮላ ሲጠጣ ይሳባል» አሉኝ። «ለቀቅ አድርገሽ ምቺው፣ ሲደርቅ ራሱ ይወጠራል። ጥጉንም በኮምፔንሳቶ ሦስት ማዕዘን እሰሪው።» እንደዚያ አደረግን። ቀጥ ብሎ ቆመ። የጠፋው አቡጀዲ 11 ሜትር ነው።

በርና መስኮቱ እውነተኛ ነው፣ ከፈረሰ ቤት የወጣ። በ2016 ፒያሳ ሲፈርስ እንዲህ ያለ በር በየቦታው ተደርድሮ ይሸጥ ነበር። የእኛ በር ውስጠኛ ጎን ላይ በእርሳስ የልጆች ቁመት የተለካበት መስመር አለ። ቀለም ቀቢያችን ሊሸፍነው ነበር፣ እጁን ያዝኩት። የማን ልጆች እንደሆኑ አላውቅም። አሁን የእናትየው ልጆች ናቸው።

ቤቱን ስንሞላ መጠንቀቅ ነበረብን። መጀመሪያ ብፌ፣ ሶፋ፣ ቴሌቪዥን በዳንቴል ሸፍነን አስገባን። መላወሻ ጠፋ። አሁን ያለው አልጋው፣ ሁለት ዱካ፣ የማርያም ሥዕልና አንድ ትንሽ ጠረጴዛ ነው። ጠረጴዛው ላይ የጸበሉ ጀሪካንና ቡናማው የሽሮፕ ጠርሙስ ጎን ለጎን ይቀመጣሉ። የእህትና የወንድም ጭቅጭቅ ሁለት ገጽ ነበር። እነዚህን ሁለት ዕቃዎች ማን ወዴት እንደሚያስጠጋቸው ሲታይ ሰባት መስመር በቃው። ጥግ ላይ ደግሞ ጠያቂ ያመጣው ብርቱካን፣ ሙዝና ለስላሳ ከትዕይንት ትዕይንት እየተቆለለ ይሄዳል። መብላት ለማትችል ሴት።

ታኅሣሥ፣ ድምፅ፣ መብራትና ሽሮፕ

እያንዳንዱ ሰዓት የራሱ ድምፅ አለው። ጠዋት 12 የጊዮርጊስ ቅዳሴ በድምፅ ማጉያ። 4 ሰዓት «ቆራሌው!» የሚለው ጥሪ። 8 ሰዓት ከትምህርት ቤት የሚወጡ ልጆች ጫጫታ። ምሽት 12 የታክሲ ረዳት። ማታ 4 ውሻ ብቻ። በስልክ ቀዳሁ፣ ንፋሱ ሁሉን በላው። መቅረጫ ተውሼ ከሌሊቱ 11 ሰዓት ተነስቼ ደግሜ ቀዳሁ። ማይኩን በካልሲ ሸፍኜ። ካልሲው ሠራ።

ለመስኮቱ ብርሃን አራት ኤልኢዲ ፓር የሚባል የመድረክ መብራት ተከራየን፣ አንዱ በቀን 600 ብር። ቀን ቀኑን ጥሩ ናቸው። ማታ ላይ ስናደበዝዛቸው ግን ቀስ ብለው አይወርዱም፣ ደረጃ እየወረዱ ይዘላሉ። ለማታው ትዕይንት ከጣሪያ የተንጠለጠለ ተራ ባለ 60 ዋት አምፖል በዲመር አደረግን። በአንዱ ልምምድ መብራት ሄዶ በሁለት ስልክ ብርሃን ጨረስነው። ከዚያ በኋላ አምፖሉን ካሰብኩት በግማሽ አደበዘዝኩት።

ሽሮፑ መጀመሪያ ሻይ በስኳር ነበር። ሲስተር ልምምድ ላይ መጥታ «ፊታቸው ደስ ብሎታል» አለች። እውነተኛው መራራ ነው። አሁን ጥቁር ሻይ ያለ ስኳር፣ የሎሚ ልጣጭ ተቀቅሎበት። አንጋፋዋ ይሄንን በአንድ ቀን ስድስት ጊዜ ይጠጣሉ። ለሆዳቸው ፈርቼ በጣም ጥቂት አድርጌዋለሁ።

ታኅሣሥ፣ አንሶላው

ይሄን ዘርዘር አድርጌ ልጻፈው።

ቀን 8 ሰዓት ላይ አንሶላው ይቀየራል፣ እናትየው እንደተኛች። ሲስተር አሳየችን። እናትን በጎን ወደ ወንድምየው ታዞራለህ። እሱ አንድ እጁን ትከሻዋ ላይ፣ አንድ እጁን ዳሌዋ ላይ አድርጎ ይይዛታል። ልጅቷ ከኋላ የቆሸሸውን አንሶላ በቁመቱ እየጠቀለለች ወደ ጀርባዋ ታስጠጋለች። ንጹሑን ግማሹን ዘርግታ ግማሹን ጠቅልላ ከጎኑ ታደርጋለች። ከዚያ እናት በጥቅሉ ላይ ተንከባልላ ወደ ልጅቷ ትዞራለች። ወንድምየው የቆሸሸውን ይስባል፣ ንጹሑን ይዘረጋል።

የመጀመሪያ ሙከራ 9 ደቂቃ። የአንጋፋዋ ቀሚስ ከአንሶላው ጋር ተጠቀለለ፣ ሁላችንም ደነገጥን። ሁለተኛው 6 ደቂቃ፣ ግን ተዋናዩ የያዛቸው እንደ ጆንያ ነው። ሲስተር አስቆመችው። «በጣትህ ጫፍ አትያዝ፣ ያማታል። መዳፍህን ሙሉ አሳርፍ። አንተ ላይ እንደተደገፈች ይሰማት።» አምስት ቀን ይህንን ብቻ ተለማመድን። አሁን 3 ደቂቃ ከ10 ሰከንድ ነው፣ ያለ አንድ ቃል።

ወንድምየው በጽሑፉ ውስጥ እስከዚህ ድረስ እናቱን አይነካም። በር ላይ ቆሞ ይናገራል፣ ስለ ጸበል፣ ስለ እምነት። ወንድ ልጅ ነው፣ እናቱን አጣጥቦ አያውቅም፣ ያፍራል። አንሶላው ግን ሁለት ሰው ይፈልጋል፣ ቤት ውስጥ ደግሞ ሌላ ሰው የለም። መዳፉን ሲያሳርፍ ጣቶቹ መጀመሪያ ይከፈታሉ፣ ከዚያ ቀስ ብለው ይጨብጣሉ። ሦስተኛው ረድፍ ላይ ሆኜ ይታየኛል። እናትየው ፊቷ ወደ ሆዱ ዞሮ ዓይኗን ትጨፍናለች። በጽሑፉ ላይ ዓይኗን ትጨፍን አላልኩም፣ አንጋፋዋ ናቸው ያመጡት።

ከዚህ በኋላ የወንድምየው ሁለት ገጽ ንግግር ነበር። «እማዬ፣ እውነቱን ልንገርሽ» ብሎ የሚጀምር። ለዚህ ንግግር ብዬ ነበር ቴአትሩን ስጽፍ የከረምኩት። ልምምድ ላይ ሦስት ጊዜ ሰማሁት፣ ሦስቱንም ጊዜ አንሶላው ላይ ያየሁትን አጠፋብኝ። ቆረጥኩት። ተዋናዩ በጣም ከፋው፣ እኔም እሱ ቢከፋው አልፈርድም። ለሁለት ሳምንት በቃሉ ያጠናው ነው። ቡና ጋበዝኩት፣ አወራን። «ታዲያ መቼ ነው የምነግራት?» አለኝ። መልስ አልነበረኝም።

ጥር፣ የሙከራ ትርዒት

ከጥምቀት በኋላ 40 ሰው ጠርተን አሳየን። ተማሪዎች፣ ጎረቤቶች፣ ሁለት ነርሶች፣ የተዋንያኑ ዘመዶች። 84 ደቂቃ ፈጀ። አንሶላው ላይ አዳራሹ ዝም አለ። ደስ አለኝ።

ከዚያ ውይይት ከፈትን። ከኋላ አንዲት ሴት እጇን አወጣች።

«ሁሉም ጥሩ ነው። ልጅቷ ግን እናቷን ለምን ገደለቻት?»

መጀመሪያ ጥያቄው አልገባኝም። ሌላ ሰው ደገመው፣ ሦስተኛም ጨመረ። ማታ 4 ሰዓት ላይ ልጅቷ አንድ ሲሪንጅ ሽሮፕ በአፏ ትሰጣታለች፣ ከዚያ ሁለተኛ ትቀዳለች፣ መብራት ይጠፋል። እኛ ይህ ሌሊቱን እንድትተኛ የሚሰጥ የታዘዘ መጠን መሆኑን እናውቃለን። እነሱ ያዩት እጥፍ መድኃኒትና ጨለማ ነው። ሲስተር ፊቷ ተለዋወጠ። «ይሄ ከወጣ ሰው ጠርሙሱን ይደብቃል» አለችኝ። «የታገልኩትን ሁሉ ታፈርሺብኛለሽ።» እውነቷን ነው። ያን ሌሊት አልተኛሁም።

የሞከርናቸው እነዚህ ናቸው። በጠዋቱ 4 ሰዓት ትዕይንት ጎረቤት የሆነች ነርስ ገብታ «የማታው እጥፍ ነው፣ እንዳትረሺ» እንድትል አደረግኩ። አምስት ሰው አሳየን፣ አራቱ አላስታወሱትም። ጠዋት የተባለውን ማታ ማን ያስታውሳል? ከዚያ ግድግዳው ላይ የመድኃኒት ሰዓት የተጻፈበት ትልቅ ወረቀት ለጠፍን። ከሁለተኛው ረድፍ ወዲያ አይነበብም። ከዚያ ለምን አንድ ሲሪንጅ ብቻ አይሆንም አልኩ። ሲስተር አልተስማማችም። «እንግዲያው ሌሊት 8 ሰዓት ላይ በሕመም ትነቃለች። እሱንም አሳዪያቸው።»

መፍትሔው የመጣው ከስህተት ነው። አንድ ማክሰኞ ልምምድ ላይ፣ ማታ 4 ሰዓት ትዕይንት ላይ ነን። ልጅቷን የምትጫወተው ተዋናይ ደክሟታል። አንዱን ሲሪንጅ ሰጠች፣ አፋቸውን ጠረገች፣ ክዳኑን ዘጋች። ሁለተኛውን ረሳችው። ላስቆም አፌን ስከፍት፣ አንጋፋዋ ዓይናቸውን ሳይገልጡ፣ በእናትየው ድምፅ እንዲህ አሉ፦

«የማታው ሁለት ነው።»

ተዋናይቷ እጇ ክዳኑ ላይ ቀረ። ማንም አልተነፈሰም። ቀስ ብላ ክዳኑን ከፈተች፣ ሁለተኛውን ቀዳች፣ ሰጠች። እኔ ወንበሬ ላይ ሆኜ ሰውነቴ ይንቀጠቀጥ ነበር።

ታውቃለች ማለት ነው። ለጨጓራ በየአራት ሰዓቱ የሚሰጥ፣ ማታ እጥፍ የሚሆን ሽሮፕ እንደሌለ ታውቃለች። ከመጀመሪያው ቀን ጀምሮ ትቆጥር ነበር። እነሱ እሷን ሲጠብቁ፣ እሷ እነሱን ስትጠብቅ ነበር።

የቀረው አንድ ሳምንት እንደገና ጽሕፈት ሆነ። ግን የጨመርኩት ጥቂት ነው። 12 ሰዓት ላይ ጠርሙሱን ዓይኗ ይከተለዋል። 4 ሰዓት ላይ አጎትየው «ጨጓራ እኮ ቀላል ነገር ነው» ሲል «ይሁን» ትለዋለች፣ በፊት «እግዚአብሔር ያውቃል» ነበር የምትለው። 8 ሰዓት ላይ ልጅቷ ለሦስት ደቂቃ ስትዘገይ እናትየው መስኮቱን ታያለች። ነርስ ጎረቤቷን አወጣኋት፣ ወረቀቱንም አነሳሁት። ወንድምየውን የሚጫወተው ልጅ አዲሱን መጨረሻ አይቶ «በቃ፣ የምነግራት ነገር የለም» አለኝ። ከዚያ ቀን በኋላ ስለ ተቆረጠው ንግግር አላነሳም።

ሌላ 20 ሰው ጠርተን አሳየን። ገደለቻት ያለ የለም።

የካቲት፣ መክፈቻ

ያሰብኩት 150,000 ብር ነበር፣ የወጣው 168,400 ሆነ። ልዩነቱ አልጋው፣ የተበላሸው አቡጀዲና ሦስት ተጨማሪ የአዳራሽ ቀን ነው። መግቢያ 200 ብር። የመጀመሪያው ማታ 93 ሰው፣ 18,600። የሁለተኛው ሳምንት 121 ሰው፣ 24,200። ዕዳው ገና አለ፣ ግን ሳምንታዊው ቀን ተሰጥቶናል።

ለቀጣዩ ትርዒት የሚጠገኑ፦ የቀኝ ራስጌ ቱቦላሬ ብየዳው ተሰንጥቋል። የቆራሌው ድምፅ ከፍ ይላል። ብርቱካኑ በሦስተኛው ቀን ይበሰብሳል፣ ከሥሩ ያለውን በፕላስቲክ መተካት። አንጋፋዋ ከትዕይንት መልስ የሚተኙበት ፍራሽ ከመድረክ ጀርባ ያስፈልጋቸዋል፣ ይህ ነገ ይገዛል።

በሁለተኛው ሳምንት ታናሽ ወንድሜ መጣ። አልጋበዝኩትም ነበር፣ አባታችንን አብሮኝ ያስታመመው እሱ ስለሆነ እንዳይከብደው። ትኬት ቆርጦ መጥቶ ከኋላ ተቀመጠ። ሰው ሲወጣ አልወጣም። መድረክ ላይ ወጥቶ አልጋውን መፍታት ያዘ፣ እኔ መፍቻውን፣ እሱ ዳዶውን። ብዙ ዝም ብሎ ቆየ።

«አባዬ ኪኒኑን ራሱ ነበር የሚቆጥረው» አለኝ። «ትዝ ይልሻል? አንቺ መዳፉ ላይ ታስቀምጪለት ነበር፣ እሱ በአውራ ጣቱ አንድ በአንድ ይገፋቸው ነበር።»

ትዝ ይለኛል። ዓይኑ ስለደከመ መስሎኝ ነበር።

ብሎኖቹን በአሮጌ የወተት ጣሳ ከተትናቸው። 16 ናቸው። አንዱ ጎድሎ ኖሮ ወንድሜ በስልኩ መብራት አልጋው ሥር ገብቶ አገኘው።